የተዘጋው በርና የተከፈተው በር
(ለመሠረተ ትምህርት ተማሪዎች በራዲዮ የቀረበ የታሪክ ንግግር)

ይህን ንግግር በጽሑፍ ይዛችሁ የምታነቡ፣ ጣታችሁን ከመስመሩ ሥር አድርጉና ቀስ ብላችሁ ተከተሉ። አንድ ቃል ቢያስቸግራችሁ አትደንግጡ። እለፉትና ኋላ ተመለሱበት። በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመተ ምሕረቶች ሁሉ እንደ እኛ አቆጣጠር ናቸው።

የዛሬው ንግግራችን ከኮልፌ ከመጣ ጥያቄ ይነሳል። በኮልፌ ገበያ ሽሮና በርበሬ የሚሸጡ አንዲት እናት አሉ። ማታ ማታ ፊደል ይማራሉ። አንድ ቀን ከቁራሌ የተገዛ አሮጌ መጽሔት ለበርበሬ መጠቅለያ ሲቀደድ፣ በአንዱ ገጽ ላይ የአንድ ሰው ፎቶግራፍ አዩ። ከሥሩ የተጻፈውን ስም ፊደል በፊደል አነበቡት። «መ፣ ን፣ ግ፣ ሥ፣ ቱ» አሉ። ከዚያም ገጹን አጣጥፈው ወደ ትምህርታቸው ይዘውት ሄዱ። መምህራቸውንም፣ «የእኚህን ሰውዬ ፎቶ በየግድግዳው እያየሁ ነው ያደግሁት። ሁልጊዜ ብቻቸውን ናቸው። ሚስት አልነበራቸውም እንዴ?» ብለው ጠየቁ።

ጥሩ ጥያቄ ነው። በመጀመሪያ አጭሩን መልስ እንስጥ። ሚስት ነበራቸው። ስማቸው ወይዘሮ ውባንቺ ቢሻው ይባላል። ትዳሩ የተመሠረተው ከአብዮቱ በፊት ነው። ያን ጊዜ ኮሎኔል መንግሥቱ ኃይለ ማርያም በሆለታ የጦር ትምህርት ቤት ተምረው የወጡ፣ ስማቸው ከጦሩ ውጭ እምብዛም የማይታወቅ መኮንን ነበሩ። ባልና ሚስቱ ሦስት ልጆች ወለዱ። የልጆቹን ስም እዚህ አንጠራም። ልጆቹ የመረጡት ሥልጣን የለምና።

ረጅሙ መልስ ግን ሌላ ጥያቄ ያመጣል። ሚስት ካላቸው ለምን በፎቶግራፉ ላይ አልታዩም? በ17 ዓመት ውስጥ አገር ሁሉ የባልን ፊት ሲያውቅ፣ የሚስትን ፊት የሚያውቅ ለምን ጥቂት ሆነ?

ከእሳቸው በፊት የነበረውን ዘመን እስቲ አስቡት። በአፄ ኃይለ ሥላሴ ጊዜ የንጉሡ ቤተሰብ ለሕዝብ ይታይ ነበር። እቴጌ መነን በስማቸው ትምህርት ቤት ነበራቸው። የንጉሡ ልደት ሐምሌ 16 ቀን በየዓመቱ ይከበር ነበር። ለምን ቢሉ፣ በንጉሥ ዘመን ሥልጣን የሚወረሰው በዘር ነው። ስለዚህ ማን ከማን እንደተወለደ ሰው እንዲያውቅ ይፈለጋል። ቤተሰቡ ራሱ መንግሥት ነበር ማለት ይቻላል።

ደርግ መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. ንጉሡን አወረደ። ከዚያ በኋላ የተባለው ቃል ሌላ ነው። ሥልጣን የሰፊው ሕዝብ ነው ተባለ። ጌታና እመቤት የለም፣ ሁሉም ጓድ ነው ተባለ። በአብዮት አደባባይ የማርክስ፣ የኤንግልስና የሌኒን ትልልቅ ሥዕሎች ቆሙ። እነሱም ብቻቸውን ናቸው። ሚስት አጠገባቸው የለችም። የአዲሱ ዘመን መሪ ቤትና ትዳር እንደሌለው፣ ቀንና ሌሊት ለአብዮቱ ብቻ እንደሚኖር ሰው ሆኖ ነበር የሚታየው። ፎቶግራፉ ላይ ብቻቸውን የሆኑት ለዚህ ነው።

ሌላም ምክንያት አለ። እሱም ፍርሃት ነው። የደርግ ሰዎች ራሳቸው የገዢን ቤተሰብ ምን እንዳደረጉት ያውቁ ነበር። የንጉሡን ልጅና የልጅ ልጆቻቸውን፣ ሴቶቹን ጭምር፣ አሠሩ። ሴቶቹ የተፈቱት ከ14 ዓመት ያህል በኋላ፣ በ1980 ዓ.ም. ነው። ያጠፉት ጥፋት ተነግሮ በፍርድ ቤት አልተፈረደባቸውም። ጥፋታቸው መወለዳቸው ነበር። ንጉሡም በ1967 ዓ.ም. ነሐሴ ውስጥ በእስር ላይ ሳሉ ሞቱ። አስከሬናቸው ለቤተሰብ አልተሰጠም። በታላቁ ቤተ መንግሥት ግቢ ውስጥ በድብቅ ተቀበረና እስከ 1984 ዓ.ም. ድረስ እዚያው ቆየ። ኮሎኔል መንግሥቱ ሥልጣናቸውን የተከሉት በዚያው ግቢ ነው። በሰው ቤተሰብ ላይ እንዲህ ያደረገ ሰው፣ የራሱን ቤተሰብ ቢደብቅ ይገርማል?

እንግዲህ በዚህ ላይ ቆም እንበል። «መሪው ቤቱን መዝጋቱ ምን ክፋት አለው? እኔስ የቤቴን ነገር ለሰው እነግራለሁ እንዴ?» የሚል ሊኖር ይችላል። እውነት ነው። የሰው ቤት የሰው ነው። መሪም ቢሆን ትዳሩንና ልጆቹን ከሰው ዓይን ቢጠብቅ ነውር የለውም። ነገር ግን ያን ጊዜ በሩ የተዘጋው በአንድ ወገን ብቻ ነበር። የገዢው በር ተዘጋ፤ የእኛ በር ግን ተበርግዶ ተከፈተ። የዛሬው ትምህርታችን ይህ ነው።

የእኛ በር እንዴት እንደተከፈተ ደግሞ እንይ። ሐምሌ 19 ቀን 1967 ዓ.ም. የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት አዋጅ ወጣ። አንድ ቤተሰብ ከአንድ መኖሪያ ቤት በላይ እንዳይኖረው ተከለከለ። ትርፉ ቤት የመንግሥት ሆነ። የአነስተኛ ቤት ኪራይ እስከ ግማሽ ድረስ ተቀነሰ። እውነቱን እንናገር፣ በኪራይ ቤት ይኖር የነበረ ድኻ በዚያ ቀን ደስ ብሎታል። ኮልፌም ሆነ መርካቶ፣ እልልታ ነበር። በዚያው አዋጅ ቀበሌ ተቋቋመ።

ቀበሌ በመጀመሪያ ኪራይ ሰብሳቢና ፍርድ ሰጪ ነበር። እየቆየ ግን የቤት ውስጥ ዓይንም ሆነ። በቤት ውስጥ ስንት ሰው እንዳለ ተመዘገበ። የገጠር ዘመድ መጥቶ ቢያድር ለቀበሌ ይነገር ነበር። በመጋቢት 1969 ዓ.ም. በአዲስ አበባ አሰሳ ሆነ። አሰሳ ማለት ቤት ለቤት ፍተሻ ነው። ሰው ከሰፈሩ እንዳይወጣ ታዘዘ። ታጣቂዎች ጓዳ ገቡ፣ ሣጥን ከፈቱ፣ ፍራሽ ገለበጡ። የሚፈልጉት የጦር መሣሪያ ብቻ አልነበረም። የጽሕፈት መኪናና ወረቀት ማባዣም ይፈልጉ ነበር። እናንተ ዛሬ ይህን ወረቀት በእጃችሁ ይዛችኋል። ያን ጊዜ ግን በጓዳው ወረቀት የተገኘበት ሰው ሕይወቱን ሊያጣ ይችል ነበር። ብዙ ሰው መጽሐፉን በገዛ እጁ አቃጠለ።

ይህ የሆነው ኮሎኔል መንግሥቱ ብቻቸውን ከላይ ከወጡ በኋላ ነው። ጥር 26 ቀን 1969 ዓ.ም. የደርጉ ሊቀመንበር ጄኔራል ተፈሪ በንቲና ሌሎች መኮንኖች በቤተ መንግሥቱ ተገደሉ። ኮሎኔል መንግሥቱ ሊቀመንበር ሆኑ። ሚያዝያ 9 ቀን በአብዮት አደባባይ ቆመው፣ ደም የሚመስል ቀይ ነገር የሞላበት ጠርሙስ ወርውረው ሰበሩ። ቀጥሎ የመጣው ቀይ ሽብር ነው። ብዙ ሺህ ሰው፣ አብዛኛው ወጣት፣ ተገደለ። አስከሬን መንገድ ላይ ተጥሎ ያድር ነበር። ልጇን ለመቅበር የመጣች እናት ልጇ የተገደለበትን የጥይት ዋጋ ክፈይ ተብላለች። አታልቅሺ የተባለችም አለች።

ውድ አድማጮች፣ አንድ ነገር ልብ በሉ። የባልና የሚስት፣ የእናትና የልጅ ነገር የግል ኑሮ ነው እንላለን። ለቅሶ ደግሞ ከሁሉ ይበልጥ የግል ነው። የአንዱ ቤት በጥበቃ ታጥሮ ሲኖር፣ የሌላው ቤት ለቅሶ ተከለከለ። በአንድ ወገን ብቻ የተዘጋ በር ማለት ይህ ነው።

ኮልፌዎች፣ ከሰፈራችሁ አንድ ታሪክ ልጨምርላችሁ። በኮልፌ የፈጥኖ ደራሽ ፖሊስ ሰፈር ነበር። በ1954 ዓ.ም. የደቡብ አፍሪካው ኔልሰን ማንዴላ ወደዚያ መጥተው የጦር ትምህርት ተምረዋል። የፈጥኖ ደራሽ አዛዥ የነበሩት ታደሰ ብሩ ነበሩ። እኚህ መኮንን፣ በኋላ ጄኔራል የሆኑት፣ ጠመንጃ ብቻ አላስተማሩም። በንጉሡ ዘመን ማንበብ ለማያውቀው ሕዝብ ፊደል ለማስተማር የተቋቋመውን የፊደል ሠራዊት መርተዋል። ዛሬ እናንተ ለምትማሩት ትምህርት ከቀደሙት መንገድ ጠራጊዎች አንዱ ናቸው ማለት ነው። ደርግ በመጋቢት 1967 ዓ.ም. ገደላቸው። የእሳቸውም ቤት ቤት ነበር። እሳቸውም የቤት አባወራ ነበሩ።

ደርግም ቢሆን ፊደል አስተምሯል። ይህን አንክድም። የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ በ1971 ዓ.ም. ሐምሌ ላይ ተጀመረ። ትምህርቱ እየቆየ በ15 የአገራችን ቋንቋዎች ተሰጠ። ብዙ ሚሊዮን ሰው ስሙን መጻፍ ቻለ። በ1972 ዓ.ም. ደግሞ ዩኔስኮ በኩል ዓለም አቀፍ ሽልማት ተገኘ። ይህ መልካም ሥራ ነው። መልካሙን ሥራ መልካም፣ ግድያውን ግድያ ማለት የአንባቢ ሰው ሥራ ነው። አንዱ ሌላውን አይሸፍነውም።

አሁን ለጥቂት ጊዜ ከአገራችን ወጣ እንበል። ያን ጊዜ የኢትዮጵያ ወዳጅ ከነበሩት የሶሻሊስት አገሮች አንዷ ሩማኒያ ናት። ከ1957 ዓ.ም. ጀምሮ የገዟት ኒኮላይ ቻውሼስኩ ነበሩ። እዚያ ነገሩ የተገላቢጦሽ ነው። ሚስትየው አልተደበቁም። ስማቸው ኤሌና ይባላል። ከባላቸው ጎን ተቀምጠው ገዙ። በ1972 ዓ.ም. የጠቅላይ ሚኒስትሩ አንደኛ ምክትል ሆኑ።

የኤሌናን ታሪክ በተለይ እናንተ ስሙት። ኤሌና የገበሬ ልጅ ናቸው። በልጅነታቸው ብዙ አልተማሩም። ከመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት እምብዛም ሳያልፉ ወደ ከተማ ሄደው የፋብሪካ ሠራተኛ ሆኑ። ይህ አያሳፍርም። ብዙዎቻችን እንዲሁ ነን። የሚያሳፍረው ቀጥሎ የሆነው ነው። ባላቸው ሥልጣን ሲይዙ ኤሌና የኬሚስትሪ ዶክተር ናቸው ተባለ። ታላቅ ሳይንቲስት ተባሉ። በስማቸው መጻሕፍት ወጡ፣ ከውጭ አገርም ክብር ተሰጣቸው። መጻሕፍቱን የጻፉት ግን ሌሎች ሰዎች ነበሩ። እውነተኞቹ ሊቃውንት ሥራቸውን ሰጥተው ዝም አሉ። በኤሌና ቦታ ሆኖ ማታ ማታ መማር ይቻል ነበር። ኮልፌ ውስጥ በርበሬ የሚሸጡት እናታችን እንደሚያደርጉት ማለት ነው። ኤሌና ግን ትምህርቱን ትተው የምስክር ወረቀቱን ወሰዱ።

እኚሁ ባልና ሚስት የሕዝባቸውን በር እስከ መኝታ ቤት ድረስ ከፈቱት። የአገሩ ሕዝብ ቁጥር ይጨምር ብለው፣ በ1959 ዓ.ም. ጽንስ ማስወረድን የሚከለክል አዋጅ አወጡ። አራት ልጅ ካልወለደች ወይም ዕድሜዋ ካልገፋ በቀር አንዲት ሴት አይፈቀድላትም። ሴቶች በድብቅ ሲያስወርዱ በብዛት ሞቱ። ኋላም የአገሩን ዕዳ ለመክፈል ምግቡ ወደ ውጭ ተሸጠ። ሰዉ በብርድ ቤት ውስጥ ለዳቦ ተሰለፈ። ባልና ሚስቱ ግን በዋና ከተማው መሐል እጅግ ትልቅ ቤተ መንግሥት ያሠሩ ነበር።

በታኅሣሥ 1982 ዓ.ም. ሕዝቡ ተነሣ። ባልና ሚስቱ ከሕንፃ ጣሪያ ላይ በሄሊኮፕተር ሸሹ። ተያዙ። ታኅሣሥ 16 ቀን በጥድፊያ በተሰየመ ችሎት ፊት ቀርበው፣ በዚያው ቀን አብረው በጥይት ተገደሉ። ያም ችሎት ደግ ፍርድ አልነበረም። በጥድፊያ የተፈረደ ፍርድ ብዙ እውነት ይዞ ይቀበራል።

አሁን ወደ አገራችን እንመለስ። ሩማኒያ ይህ ከሆነ ከ17 ወር በኋላ፣ ግንቦት 13 ቀን 1983 ዓ.ም.፣ ኮሎኔል መንግሥቱ ወታደር ማሠልጠኛ ልጎበኝ ነው ብለው በአውሮፕላን ተነሡ። አውሮፕላኑ ወደ ናይሮቢ፣ ከዚያም ወደ ዚምባብዌ ሄደ። ሚስትና ልጆቻቸው ቀድመው ወጥተው ነበር። በዚያው ቀን ቀትር ላይ ራዲዮ አገር ለቀው መሄዳቸውን ተናገረ። በጦር ሜዳ የነበረው ብዙ መቶ ሺህ ወታደር አዛዡ መሄዱን የሰማው እንዲህ ነው። እሱም ሚስት ነበረው። እሱም ልጅ ነበረው። ለእሱ ግን አውሮፕላን አልተላከለትም። ብዙው በባዶ እግሩ ወደ ቤቱ ተጓዘ፤ መንገድ ላይ የለመነም አለ።

መንግሥቱና ወይዘሮ ውባንቺ በሐራሬ ከተማ በጥበቃ ኖሩ። በ1988 ዓ.ም. ሁለቱ በቤታቸው አጠገብ በእግር ሲንሸራሸሩ አንድ ሰው ሊገድላቸው ሞከረ። አልተሳካለትም። አያችሁ? በስደትም ቢሆን በሩ እንደ ልብ አልተከፈተም። ሰውን ያስፈራ ሰው ራሱም እየፈራ ይኖራል። ኋላ በ1994 ዓ.ም. ገነት አየለ የተባለች ጸሐፊ ኮሎኔሉን አነጋግራ ትዝታቸውን በመጽሐፍ አወጣች። በ2004 ዓ.ም. ደግሞ ራሳቸው «ትግላችን» የሚል መጽሐፍ አሳተሙ። ማንበብ የቻለ ሰው እሳቸው ስለ ራሳቸው የሚሉትን ሊያነብ ይችላል። ማንበብ ግን ማመን አይደለም። ሰው ስለ ራሱ ሲጽፍ የሚተወው ነገር አለና።

ታዲያ እውነቱ የት ተገኘ? በወረቀት ላይ ተገኘ። የደርግ ባለሥልጣናት ክስ በታኅሣሥ 1987 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ተጀመረ። ደርግ ሲገድል ይጽፍ ነበር። ውሳኔው ተጽፏል፤ ፊርማም አለበት። ዓቃቤ ሕግ እነዚያን ወረቀቶች ሰብስቦ አቀረበ። ከአርጀንቲና የመጡ ባለሙያዎች ከጅምላ መቃብር የወጣውን አጥንት መረመሩ። እናቶች ቆመው መሰከሩ። ፍርድ ቤቱ ኮሎኔል መንግሥቱን በሌሉበት በታኅሣሥ 1999 ዓ.ም. በዘር ማጥፋት ጥፋተኛ ናቸው አለ። በጥር የዕድሜ ልክ እስራት፣ በግንቦት 2000 ዓ.ም. በይግባኝ የሞት ፍርድ ተፈረደባቸው። ዚምባብዌ ግን አሳልፋ አልሰጠቻቸውም።

አባቶቻችን «ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» ይሉ ነበር። ሰማይ አሁንም አልታረሰም። ገዢ ግን ተከሰሰ። ሚስታቸው ግን አልተከሰሱም። ይህ ትክክል ነው። ሚስት በባል፣ ልጅ በአባት አይፈረድባቸውም። ደርግ የንጉሡን ልጆች ሲያሥር ያፈረሰው ደንብ ይህ ነበር። እኛም ወይዘሮዋን በሐሜት ብንከስ፣ ያንኑ ደንብ ማፍረሳችን ነው።

ስለ ገዢ ቤት ብዙ ወሬ ሰምታችሁ ይሆናል። ምን በሉ፣ ምን ለበሱ፣ ማን ከማን ተጣላ ይባላል። በር ሲዘጋ ወሬ ይበዛል። «ወሬ ቢነግሩህ መላ ጨምርበት» ነው ነገሩ። እንግዲህ ከዛሬ ጀምሮ እንዲህ ያለ ነገር ስትሰሙ ወይም ስታነቡ ሦስት ጥያቄ ጠይቁ። ይህን ያለው ማነው? በምን አወቀው? ይህ ነገርስ የእኔን ቤት የሚነካው በምን በኩል ነው? የመጨረሻው ጥያቄ ከሁሉ ይበልጣል። ገዢ ከሚስቱ ጋር ምን እንደተባባለ ማወቅ አይጠበቅብንም። ወረቀት ላይ ምን ብሎ እንደፈረመ ግን ማወቅ ይገባናል።

በርበሬ የሚሸጡት እናታችን ያቺን ገጽ ለመጠቅለያ አላዋሏትም። በደብተራቸው መሐል አስቀመጧት። በሚቀጥለው ትምህርት ከሥሯ በእርሳስ «ሚስት ነበራቸው። የእኛም ልጆች እናት ነበራቸው» ብለው ጻፉባት። በገዛ እጃቸው የጻፉት የመጀመሪያ ዓረፍተ ነገር ነው። መምህራቸው አንድ ፊደል ብቻ አረሙላቸው።

ለውይይት፦
1. የንጉሡ ቤተሰብ ለሕዝብ ሲታይ የደርጉ ሊቀመንበር ቤተሰብ ያልታየው ለምንድን ነው?
2. በ1967 ዓ.ም. አዋጅ ምን ጥቅም፣ ኋላም በቀበሌ በኩል ምን ጉዳት መጣ? የምታስታውሱ ተናገሩ፤ ያልነበራችሁ ጠይቁ።
3. ወሬና ማስረጃ በምን ይለያሉ? ከሰፈራችሁ ምሳሌ ስጡ።

ውድ አድማጮቻችን፣ በሚቀጥለው ፕሮግራም እስክንገናኝ ደህና ሁኑ። ደብተራችሁን አትርሱ። ቸር ይግጠመን።